ውሻ ቀባሪው፣ ፍልፈሉና የሞት ፍርደኛው፦ ኤሮል ሞሪስ 50 ዓመት ሙሉ የሚፈልገው ምንድን ነው?

ስክሪኑ ላይ የሚታየው አንዲት ትንሽ የካሴት መቅጃ ብቻ ናት። ካሴቱ ይሽከረከራል። የሁለት ሰዎች ድምፅ ይሰማል። አንዱ ጠያቂ ነው፣ ሌላው እስር ቤት ያለ ወጣት። ጠያቂው ስለ አንድ ሌላ እስረኛ ያነሳበታል። ሰውየው ንጹሕ ይመስልሃል ወይ ይለዋል። ወጣቱ ንጹሕ ለመሆኑ እርግጠኛ ነኝ ይላል። እንዴት እርግጠኛ ልትሆን ቻልክ? "የማውቀው እኔ ነኛ!"

በቃ፣ ይሄው ነው። በዚያን ቀን ካሜራው ተበላሽቶ ነበር። ዳይሬክተሩ ኤሮል ሞሪስ በእጁ የቀረውን መቅጃ ብቻ ይዞ ገባ። ጊዜው 1986 ነው (ዓመታቱን በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው)። ሁለት ዓመት ቆይቶ ፊልሙ ወጣ። በሦስተኛው ዓመት ደግሞ ያ "ንጹሕ ነው" የተባለው ሰው፣ ራንዳል ዴል አዳምስ፣ ከ12 ዓመት እስር በኋላ ቴክሳስ ውስጥ ተፈታ።

እኛ ሀገር "ዶክመንተሪ ተሠራበት" ሲባል የምሥራች አይደለም። በ2011 በኢቲቪ የቀረበውን "አኬልዳማ" ያየ ሰው የምለው ይገባዋል። የተከሳሾቹ ጉዳይ ገና ፍርድ ቤት እያለ ቴሌቪዥኑ ቀድሞ ፈርዶ ጨርሶ ነበር። ስለዚህ ዶክመንተሪ ስንባል ወይ በሙዚቃ የታጀበ የዓቃቤ ሕግ ክስ፣ ወይ ሚዳቋ የሚያሳድድ አንበሳ ነው ትዝ የሚለን። አዳምስን ያስፈታው ፊልም መንግሥት ፈርዶ የዘጋውን መዝገብ እንደገና የከፈተ ነው። የሠራው ሰው ደግሞ ከዚያ በፊት በስሙ የነበሩት ሁለት ፊልሞች ብቻ ናቸው። አንዱ ስለ ውሻ መቃብር፣ ሌላው ቱርክ ስለሚያድኑ የገጠር ሽማግሌዎች። ቱርክ ስል ወፉን ነው።

ሞሪስን ብዙ ሰው የሚያውቀው "እንግዳ ነገር የሚወድ ሰውዬ" ብሎ ነው። ዝርዝሩ ያስብላል። የቤት እንስሳት መቃብር፣ የኤሌክትሪክ ወንበር መሐንዲስ፣ አንበሳ አሠልጣኝ፣ የሞተ ውሻዋን ቅጂ ኮሪያ ውስጥ በክሎኒንግ ያሠራች ሴት፣ ሁለት የአሜሪካ መከላከያ ሚኒስትሮች። እኔ ግን ሥራዎቹን ደጋግሜ ባየሁ ቁጥር እንግዳነቱ እየቀነሰብኝ ነው የመጣው። ሰውየው የሚያሳድደው አንድ ዓይነት ሰው ብቻ ነው። በገዛ ወሬው ሙሉ በሙሉ ያመነ ሰው።

ሞሪስ በ1948 ሎንግ አይላንድ፣ ኒው ዮርክ ተወለደ። ሐኪም የነበረው አባቱ የሞተው ልጁ ገና 2 ዓመቱ እያለ ነው። እናቱ የፒያኖ አስተማሪ ነበረች። ከዊስኮንሰን ዩኒቨርሲቲ በታሪክ ተመርቆ የሳይንስ ታሪክ ሊማር ፕሪንስተን ገባ። አስተማሪው ቶማስ ኩን ነበር። ዛሬ በየወርክሾፑ "ፓራዳይም ሺፍት" የሚሉ ሰዎች ሁሉ የእሱ ባለዕዳዎች ናቸው። ሁለቱ አልተጣጣሙም። ሞሪስ ኩንን የሚረዳው "እውነት የሚባል ነገር የለም፣ ያለው የየዘመኑ መነጽር ነው" እንደሚል ሰው ነው። እንደ ሞሪስ አተራረክ፣ አንድ ቀን ክርክሩ ጦፎ ኩን የሲጋራ መተርኮሻውን ወረወረበት። ከትምህርቱም ተባረረ። ሞሪስ ቂሙን ሳይረሳ ኖሮ በ2018 ስለዚያች መተርኮሻ አንድ ሙሉ መጽሐፍ ጻፈ። 45 ዓመት አካባቢ የተያዘ ቂም ነው እንግዲህ።

ይህን የማነሳው ለወሬ ማሟሻ አይደለም። አንድ ሰው በኤሌክትሪክ ወንበር ሊገደል ተፈርዶበታል እንበል። ፖሊሱን ገድሏል ወይስ አልገደለም? እዚህ ላይ "እንደ መነጽርህ ነው" ማለት አይቻልም። ሞሪስ ፊልም ከመሥራቱ በፊት የያዘው አቋም ይህ ነው፤ እስካሁንም አልለቀቀውም።

ከፕሪንስተን ወደ በርክሌይ ሄደ። የተመዘገበው ለፍልስፍና ነበር፣ የሚውለው ግን ፊልም ቤት ነበር። በዚሁ ጊዜ ዊስኮንሰን እየተመላለሰ ኤድ ጊን የተባለ፣ መቃብር እየቆፈረ ሬሳ ያወጣ የነበረ ነፍሰ ገዳይ ጋ ቃለ መጠይቅ ያደርግ ጀመር። አንድ ጥያቄ እንቅልፍ ነሳው። ይህ ሰው የገዛ እናቱንም መቃብር ቆፍሮ ይሆን? ወዳጁ የጀርመኑ ዳይሬክተር ቨርነር ሄርዞግ መፍትሔው ቀላል ነው አለው። ሄደን ቆፍረን እናያለን። በ1975 ቀጠሮ ያዙ። ሄርዞግ መጣ። ሞሪስ ፈርቶ ይሁን አስቦበት ቀረ።

ሄርዞግ ያቺን ከተማ አይቶ ወደዳትና በኋላ የራሱን ፊልም ከፊሉን እዚያ ቀረጸ። ሞሪስ "ቦታዬን ሰረቅኸኝ" ብሎ አኮረፈ። ሄርዞግ ለካሳ ይመስላል 2 ሺህ ዶላር በፖስታ ሰጠው። ሞሪስ ፖስታውን በመስኮት ወረወረው። ሄርዞግ ወርዶ አነሳው፣ ተመልሶ ሰጠው፣ ሁለተኛ እንዳታደርገው አለው። ሞሪስም ተቀበለ።

በዚያች ገንዘብ የሄደው ቨርነን የምትባል የፍሎሪዳ መንደር ነው። ከሄርዞግ ስም ጋር መመሳሰሉ አጋጣሚ ነው። መንደሯን ያወቃት በኢንሹራንስ ነገር ነው። በ1950ዎቹና 60ዎቹ አንዳንድ ነዋሪዎች ካሳ ለመብላት የገዛ እግራቸውን ወይ እጃቸውን በጥይት ይመቱ ነበር። እስቲ አስቡት፤ ሰው እግሩን ቆርጦ "አደጋ ደረሰብኝ" የሚልበት ሀገር። ሞሪስ ጥያቄውን ሲጀምር ማስፈራሪያ መጣበት። የግድያ ማስፈራሪያ። ሥራውን ትቶ ተመለሰ።

ቆይቶ እንደገና ሄደ። ስለ እጅና እግር ግን አንድም ነገር አልጠየቀም። ሰዎቹ ደስ ያላቸውን እንዲያወሩ ተዋቸው። በ1981 የወጣው ፊልም ይህ ነው። አንዱ ቱርክ አድኖ ስለገደለበት ቀን ልክ ስለ ታቦት እንደሚያወራ ሰው በሹክሹክታ ይናገራል። አንድ ባልና ሚስት ደግሞ ከኒው ሜክሲኮ በረሃ ያመጡትን አሸዋ በብልቃጥ አስቀምጠው ያሳያሉ። አሸዋው እያደገ ነው ይላሉ። ሲያመጡት ብልቃጡ ሞልቶ አልነበረም፣ አሁን ሊሞላ ነው። ሞሪስ አይስቅም፣ አያርምም፣ "እርግጠኛ ናችሁ?" ብሎም አይጠይቅም። ካሜራውን ተክሎ ዝም ይላል። እንደኔ እንደኔ የዚህ ሰው ትልቁ ችሎታ ይህ ዝምታ ነው። የኛ ጋዜጠኞች ቢማሩት የምወደው ነገር ነው፤ እንግዳው ትንፋሽ ሳይወስድ ሦስተኛ ጥያቄ የሚወረውረው ስንቱ ነው!

ከቨርነን በፊት የወጣው የመጀመሪያ ፊልሙ ነው፣ በ1978። መነሻው አንድ የጋዜጣ ርዕስ ነበር። 450 የሞቱ የቤት እንስሳት ከአንድ የካሊፎርኒያ መቃብር ተነቅለው ወደ ናፓ ሸለቆ ሊዛወሩ ነው ይላል። አንዱ ሰውዬ ውሻውን በክብር መቅበር ፈልጎ የመቃብር ቦታ ከፍቶ ከሰረ። ሌላ ቤተሰብ ደግሞ ያንኑ ሥራ በደንብ ይዞ አተረፈ። ታሪኩ ይኸው ነው። ለኛ ሰው ለማስረዳት ትንሽ ያስቸግራል። ውሻ ሲሞት ወስደን የምንጥለው እኛ "ፍስሐ ለነፍስህ" የሚመስል ነገር የተጻፈበት የውሻ ሐውልት ስናይ መጀመሪያ እንስቃለን። ፊልሙ ግማሽ ላይ ሲደርስ ግን ሳቁ ይጠፋል። ሰዎቹ ስለ ውሻቸው እያወሩ የሚያወሩት ስለ ብቸኝነታቸው፣ ስለማይጠይቃቸው ልጃቸው፣ ስላልተሳካ ኑሯቸው ነው። ታዋቂው ሐያሲ ሮጀር ኢበርት ይህን ፊልም ከምንጊዜም 10 ምርጥ ፊልሞች አንዱ አድርጎ ይቆጥረው ነበር።

ሄርዞግ ሞሪስ ፊልም ከጨረሰ ጫማዬን እበላለሁ ብሎ ነበርና ቃሉን ጠበቀ። በርክሌይ ውስጥ በሕዝብ ፊት፣ በነጭ ሽንኩርት ተቀቅሎ የቀረበለትን የቆዳ ጫማ ቆርጦ በላ። ይህም ራሱ ተቀርጾ አጭር ፊልም ሆነ። ሶሉን ግን አልበላም።

ከዚያ ገንዘብ ጠፋ። ሞሪስ የግል መርማሪ ሆኖ ተቀጠረ። ዎል ስትሪት ላይ የማጭበርበር ጉዳዮችን ይከታተል ነበር። ብዙዎች ይህን የሕይወቱን ባዶ ዘመን አድርገው ያልፉታል። እኔ ግን ሰውየው ሙያውን የጨበጠው እዚህ ይመስለኛል። መርማሪ ዝም ብሎ ማስወራት አለበት። መዝገብ ማገላበጥ አለበት። ሰው የተናገረውን ከሰነዱ ጋር ማስተያየት አለበት።

ወደ ቴክሳስ የሄደው ስለ አዳምስ ሰምቶ አይደለም። ስለ አንድ የዳላስ የአእምሮ ሐኪም ነው። ዶክተር ጄምስ ግሪግሰን ይባላል፤ ቅጽል ስሙ "ዶክተር ሞት"። ቴክሳስ ውስጥ አንድ ሰው የሞት ፍርድ እንዲፈረድበት "ወደፊትም አደገኛ ነው" መባል አለበት። ግሪግሰን ከመቶ በላይ በሚሆኑ የሞት ፍርድ ጉዳዮች ላይ ቀርቦ መስክሯል። ተከሳሹን ጥቂት ደቂቃ ያነጋግረዋል፣ ከዚያ ይህ ሰው ከተፈታ በእርግጠኝነት ይገድላል ይላል። በኋላ በ1995 የአሜሪካ የሥነ አእምሮ ሐኪሞች ማኅበር አባረረው። አዳምስ እንደሚለው ደግሞ ዶክተሩ ሥዕል እንዲገለብጥ ሰጠው፣ ቀጥሎ ሁለት ተረትና ምሳሌ እንዲፈታ ጠየቀው። ምሳሌያዊ አነጋገር አልፈታህም ተብሎ ወደ ኤሌክትሪክ ወንበር! በዚህ ሚዛን ከአያቶቻችን በስተቀር ማን ይተርፋል?

ሞሪስ ግሪግሰን የመሰከረባቸውን እስረኞች እየዞረ ሲያነጋግር ነው አዳምስን ያገኘው። ታሪኩ ሲጠቃለል እንዲህ ነው። በኅዳር 1976 ዓ.ም.፣ እንደ ፈረንጆች ማለቴ ነው፣ አዳምስ ቤንዚን አልቆበት መንገድ ላይ ሳለ ዴቪድ ሃሪስ የሚባል የ16 ዓመት ልጅ ሊፍት ሰጠው። መኪናው የተሰረቀ ነው። አብረው ዋሉ። በዚያ ሌሊት ሮበርት ዉድ የተባለ የዳላስ ፖሊስ መብራት ያላበራ መኪና አስቆመና ሾፌሩ በጥይት ገደለው። ሃሪስ ወደ ከተማው ተመልሶ "ዳላስ ላይ ፖሊስ ገደልኩ" እያለ ለጓደኞቹ ጉራውን ነፋ። ሲያዝ ግን "የገደለው አዳምስ ነው" አለ። ተፈረደ። አዳምስ የሞት ፍርድ ተፈረደበት። ሊገደል 3 ቀን ሲቀረው ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ አሳገደው፤ በኋላም ቅጣቱ ወደ ዕድሜ ልክ ተለወጠ።

ለምን አዳምስ? ፊልሙ የሚሰጠው ፍንጭ በጣም ደረቅ ነው። ፖሊስ ሞቷል፣ ሰው መሞት አለበት። የ16 ዓመት ልጅ በቴክሳስ ሕግ በሞት አይቀጣም። አዳምስ ግን 28 ዓመቱ ነው።

አሁን በቅርብ ላያት የምፈልጋት አንዲት ነገር አለች። ሚልክሼክ ናት። ግድያው ሲፈጸም ከሟቹ ጋር አንዲት ፖሊስ ነበረች። ደንቡ ከመኪናው ወርዳ ከኋላ ቆማ እንድትሸፍነው ያዝዛል። ወርዳ ነበር ወይስ መኪናው ውስጥ ተቀምጣ ሚልክሼኳን ትጠጣ ነበር? መርማሪዎች የሚልክሼኩን ቦታ ተከትለው ይከራከራሉ። ሞሪስ ይህን በተዋናይ አስቀረጸው። ጽዋው በዝግታ ይበራል፣ ያርፋል፣ ይፈሳል። ቀጥሎ ሌላ ምስክር ሌላ ነገር ይላል። ትዕይንቱ እንደገና ይሠራል፣ በዚህኛው ሰው አፍ። መኪናው ይቀየራል። የሾፌሩ ፀጉር ይቀየራል። የፊሊፕ ግላስ ሙዚቃ እየተደጋገመ ይሽከረከራል። አንተም እያየህ ግራ ትጋባለህ፤ ከዚያ የገባህ ይመስልሃል፣ ደግሞ ግራ ትጋባለህ።

ይህ ዘዴ በጊዜው ብዙ አስወቀሰው። "ትወና ያለበት ምኑ ዶክመንተሪ ነው?" ተባለ። ፊልሙ ለኦስካር እንኳን አልታጨም። ሰዎቹ ያላስተዋሉት አንድ ነገር ነበር። ሞሪስ በዚያ ሌሊት በእርግጥ የሆነውን አንድም ጊዜ በትወና አላሳየም። ያሳየው ምስክሮቹ ሆነ ያሉትን ብቻ ነው። እያንዳንዱ ትዕይንት የአንድ ሰው ቃል ሥዕል ነው፤ አንዳንዱም የአንድ ሰው ውሸት ሥዕል። ምስሉን የሠራው ለማሳመን ሳይሆን እንድትጠራጠር ነው። እውነቱ ላይ ሲደርስ ካሜራው ተበላሸ፤ እዚያ ላይ ያለው የካሴት መቅጃ ብቻ ነው። አጋጣሚ ነበር፣ ግን ሰው ቢያቅደው እንኳ እንዲህ አያምርም።

የቀጠለው ደግሞ ልብ ወለድ አይሆንም፤ ደራሲ ቢጽፈው "አበዛኸው" ይባላል። አዳምስ በመጋቢት 1989 ተፈታ። ከዚያ ሞሪስን ከሰሰው። የሕይወት ታሪኬ መብት የራሴ ነው አለ። ተስማሙና አለቀ። ከቴክሳስ መንግሥት ለ12 ዓመቱ ሳንቲም አልተከፈለውም። በ2010 ሞተ። ሃሪስ በዚህ ግድያ አልተከሰሰም። በሌላ ግድያ ተፈርዶበት በ2004 በሞት ተቀጣ።

እዚህ ላይ ቢያቆም ኖሮ ሞሪስ "ንጹሑን ያስፈታው ዳይሬክተር" ሆኖ ይቀር ነበር፣ ዕድሜ ልኩን የወንጀል ፊልም እየሠራ። ዛሬ በየስትሪሚንጉ የምናየው የወንጀል ዶክመንተሪ ጎርፍ ከዚያ ፊልም የተቀዳ ነው። ዝግታው፣ ጨለማው፣ ሙዚቃው፣ በትወና የተሠራው ሌሊት። እሱ ግን ወደ ፍልፈል ሄደ።

በ1997 የወጣው ፊልም አራት ሰዎችን ያጋጥማል። አንበሳ አሠልጣኝ፣ ቁጥቋጦ እየከረከመ ድብና ቀጭኔ የሚሠራ አትክልተኛ፣ የኤምአይቲ የሮቦት ሊቅ ሮድኒ ብሩክስ፣ እና ፀጉር አልባውን ፍልፈል የሚያጠና ሬይ ሜንዴዝ የተባለ ሰው። ይህን ፍልፈል ልብ በሉት፤ የኛው ነው። የሚኖረው በምሥራቅ አፍሪካ ቀንድ፣ ኢትዮጵያ፣ ሶማሊያ፣ ኬንያና ጅቡቲ ውስጥ ነው። ለሳይንስ ዓለም በ1842 ያስተዋወቀው ጀርመናዊው ኤድዋርድ ሩፔል ሲሆን ናሙናውም ከሸዋ የተገኘ ነው። ራቁቱን የሆነ፣ የተጨማደደ፣ ጥርሱ ከከንፈሩ ውጭ የበቀለ እንስሳ ነው። ሲያዩት ያስቀይማል። ኑሮው ግን የንብ ነው። አንዲት ንግሥት ትወልዳለች፣ ሌሎቹ ጉድጓድ ይቆፍራሉ፣ ልጅ ያሳድጋሉ፣ ይጠብቃሉ። በአይጥ ልክ ያለ እንስሳ ሆኖ ከ30 ዓመት በላይ መኖር ይችላል። ሜንዴዝ ስለዚህ ፍጡር ሲያወራ ፊቱ እንደ ሙሽራ ይበራል። እኔም የሀገሬን እንስሳ ከአንድ የአሜሪካ ፊልም ተዋወቅሁት። አያሳፍርም አይባልም።

በዚህ ፊልም ነው ሞሪስ ኢንተሮትሮን ያለውን መሣሪያውን የተጠቀመበት። ዜና አንባቢዎች ጽሑፍ የሚያነቡበትን ቴሌፕሮምፕተር ታውቁታላችሁ፤ ከካሜራው ሌንስ ፊት የሚቆም መስታወት ነው። ሞሪስ በጽሑፉ ፋንታ የራሱን ፊት አደረገበት። በሁለት ቴሌፕሮምፕተር ጠያቂና ተጠያቂ በመስታወት ላይ ይተያያሉ። እንግዳው ጠያቂውን ዓይን ለዓይን እያየ ያወራል፤ የሚያየው ቦታ ግን ሌንሱ ነው። ስለዚህ ቤታችን ተቀምጠን የምናየው እኛን ዓይን ዓይናችንን ያየናል። ስሙን ያወጣችው ሚስቱ ናት፣ "ኢንተርቪው"ንና "ቴረር"ን አጋብታ። ነገሩ ተራ ብልሃት ይመስላል። ግን ሰው ዓይንህን እያየ ሲዋሽህ፣ በተለይ ራሱን ሲዋሽ፣ የሚሰማህ ሌላ ነው።

የዚህ ሥራ አደጋ የታየው በ1999 ነው። ፍሬድ ሉክተር የእስር ቤት መግደያ መሣሪያ የሚሠራ ሰው ነው። የኤሌክትሪክ ወንበር፣ የመርፌ ማሽን። ሙያው ሰብዓዊነት ነው ብሎ ያምናል፤ ሰው ሳይሰቃይ እንዲሞት እያደረግሁ ነው ይላል። በ1988 ናዚዎች በጋዝ ሰው አልገደሉም የሚሉ ክህደተኞች "ባለሙያ" ብለው ቀጠሩት። መዶሻና መሮ ይዞ አውሽቪትዝ የተባለው የናዚዎች የመግደያ ካምፕ ገባ። ግድግዳ ቆርጦ አስመረመረ። ሳያናይድ፣ ያ የመግደያው ጋዝ መርዝ፣ የለም አለ። ሳያናይድ ከግድግዳው ላይ ላዩን ብቻ ነው የሚነካው፤ እሱ ግን ያመጣው ትልቅ ጥርብ ነበርና ሲፈጭ የነበረው ምልክት ከብዛቱ ጠፋ። ላብራቶሪው ናሙናው ከየት እንደመጣ እንኳ አልተነገረውም።

ሞሪስ እንደ ልማዱ ሰውየውን ብቻውን አስወራው። የመጀመሪያውን ቅንብር ለሃርቫርድ ተማሪዎች ሲያሳይ ከፊሎቹ ሉክተርን አመኑት። ሌሎቹ ደግሞ ሞሪስ ራሱ ያመነበት መሰላቸው። ሞሪስ አይሁዳዊ መሆኑን አስታውሱ። ደነገጠ። ተመልሶ የታሪክ ሊቅና ኬሚስት አስገባበት። ዝምታው የቨርነንን አሸዋ ለሚያሳዩ ሽማግሌዎች በቂ ነበር። በ6 ሚሊዮን ሰው ሞት ላይ አልበቃም። ይህን ማረሙ ለኔ ከሽልማቶቹ ሁሉ ይበልጥብኛል።

ከዚህ በኋላ ወደ ባለሥልጣኖቹ ተሻገረ። በ2003 በወጣው ፊልም ሮበርት ማክናማራን፣ የቬትናምን ጦርነት የመሩትን የመከላከያ ሚኒስትር፣ በ85 ዓመታቸው ኢንተሮትሮን ፊት አስቀመጣቸው። ሽማግሌው በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ቶኪዮ በአንድ ሌሊት ስትቃጠል 100,000 ሲቪል መሞቱን እያነሱ፣ ብንሸነፍ ኖሮ እኛ ነበርን በጦር ወንጀል የምንከሰሰው ይላሉ።  ስለ ቬትናም የግል ጥፋታቸው ሲጠየቁ ግን ይዘጋሉ። ከዚህ በላይ አልሄድም ይላሉ። ለሞሪስ በመጨረሻ ኦስካሩን ያመጣለት ይህ ፊልም ነው።

በ2013 በዶናልድ ራምስፌልድ የሞከረው ግን አልሠራም። ራምስፌልድ የኢራቅን ጦርነት የመሩ ናቸው። ፈገግ ይላሉ። ቃላት ይሰነጥቃሉ። የገዛ ማስታወሻቸውን እንደ ግጥም ያነብባሉ። ምንም ስንጥቅ የለም። ብዙ ሐያስያን "ሞሪስ ተሸነፈ" አሉ። እኔ በከፊል እስማማለሁ። በ2018 የትራምፕ አማካሪ የነበረውን ስቲቭ ባነንን ሲያቀርብማ ጉዳዩ ሌላ መልክ ያዘ፤ ለእንዲህ ያለ ሰው መድረክ መስጠት አለብህ ወይ ተባለ፤ ፊልሙ ሲኒማ ለመድረስ ከአንድ ዓመት በላይ ፈጀበት። ዘዴው የሚይዘው ራሱን ያታለለውን ሰው ነው። ሌላውን እያወቀ የሚያታልል ሰው ፊት ግን ዝምታ ነጻ የአየር ሰዓት ይሆናል።

እንጀራውስ? ማስታወቂያ ነው። አፕልን ጨምሮ ለትልልቅ ድርጅቶች ስፍር ቁጥር የሌለው የቴሌቪዥን ማስታወቂያ ሠርቷል። ፍልፈል ቤት ኪራይ አይከፍልም። ከ75 ዓመቱ በኋላም አላረፈም። በ2023 ስለ ደራሲው ጆን ለ ካሬ፣ በ2024 በአሜሪካ ድንበር ከወላጆቻቸው ስለተነጠሉ ሕፃናት፣ በ2025 ስለ ማንሰን ግድያዎች አወጣ።

ሰሞኑን የሞሪስን የድሮ ፊልም እንደገና ያስከፈተኝ ኤአይ ነው። በዓድዋ ሰሞን ምኒልክ ዓይናቸውን ሲያርገበግቡ፣ ጣይቱ አንገታቸውን ሲያዞሩ በስልካችሁ ያላያችሁ ጥቂት ናችሁ። ደስ ይላል። እናቴ እንኳን "ይሄ ድሮ የተነሳ ነው?" ብላ ጠየቀችኝ። በ2021 ስለ አንቶኒ ቦርዴን፣ የምግብና የጉዞ ፕሮግራም ሲያቀርብ ስለኖረው ሰው፣ የተሠራ ፊልም ውስጥ የሟቹ ድምፅ በኤአይ ተሠርቶ ገባ። ቃላቱ እሱ የጻፋቸው ናቸው፤ በአፉ ግን አላላቸውም። ተመልካቹ አልተነገረውም፤ ዳይሬክተሩ በኋላ በቃለ መጠይቅ ነው የተናገረው። ጫጫታ ሆነ። በ2024 የአሜሪካ የአርካይቭ ፕሮዲውሰሮች ኅብረት መመሪያ አወጣ፤ ፍሬ ሐሳቡ "ከሠራችሁት ለተመልካቹ ንገሩ" የሚል ነው።

አንዳንዶች ለመከላከያ ሞሪስን ይጠቅሳሉ። እሱስ በትወና ሠርቶ የለ እንዴ? አዎ፣ ሠርቷል። ግን የሱን ሚልክሼክ አይቶ "ይሄ ያኔ የተቀረጸ ነው" ያለ ማንም የለም። በዝግታ እየበረረች፣ በየምስክሩ እየተቀያየረች፣ "እኔ የተሠራሁ ነኝ" ትላለች። የኤአይ ምስል ዓላማው ተቃራኒው ነው። አንድ ጊዜ ብቻ ይታያል፣ ያለ ስፌት፣ የሆነውን ሆኖ። ተመልካቹ እንዲጠራጠር ሳይሆን ጥርጣሬው እንዲጠፋለት ነው የሚሠራው። ሁለቱን አንድ ማድረግ የምስክርን ቃልና የሐሰት ሰነድን አንድ ማድረግ ነው።

ሞሪስ ፎቶግራፍ ራሱ ላይም እንዲሁ ነው። ሮጀር ፌንተን በ1855 ክራይሚያ ላይ ያነሳቸው ሁለት ፎቶዎች አሉ፤ ያው ቦታ፣ ያው አቅጣጫ። በአንዱ የመድፍ ጥይቶቹ መንገዱ ላይ ተበትነዋል፣ በሌላው መንገዱ ንጹሕ ነው፣ ጥይቶቹ ቦይ ውስጥ ናቸው። ደራሲዋ ሱዛን ሶንታግ ፌንተን ለፎቶ ብሎ ጥይቶቹን መንገድ ላይ አስበትኗል ብላ ጽፋለች። ሞሪስ "በምን አወቀች?" ብሎ ተነሳ። አንድ ዐረፍተ ነገር ለማጣራት ክራይሚያ ድረስ ሄደ። ቦታውን አገኘ። ጥላ ለካ፣ የፀሐይ አቅጣጫ አሰላ፣ ሊቃውንት ጠየቀ፣ እሱም እነሱም ለሁለት ተከፈሉ። መልሱ የመጣው ከአንድ ወዳጁ ነው። ወዳጁ የመድፉን ጥይት ትቶ ከመንገዱ ዳር ያሉትን ትናንሽ ድንጋዮች አየ። በሁለቱ ፎቶዎች መካከል ጥቂቶቹ ቦታ ለውጠዋል፤ ጥይቱን የሚያነሱ ሰዎች ረግጠዋቸው ይሆናል። ጥይቶቹ ቦይ ውስጥ ባሉበት ፎቶ ድንጋዮቹ ከፍ ብለው ናቸው። ጥይቶቹ መንገዱ ላይ ባሉበት ፎቶ ደግሞ ዝቅ ብለዋል። ስለዚህ ንጹሑ መንገድ ቀድሞ ነው የተነሳው። ሶንታግ ስለ ቅደም ተከተሉ ልክ ነበረች። ፌንተን ጥይቶቹን ለምን እንዳስበተናቸው ግን ድንጋዮቹ አይናገሩም።